በክራብ ስቲክ የሚጋገር መኮሮኒ፦ ለእሁዱ እቁብ ሁላችንም ከአንድ ትሪ እንድንበላ

የጦሳ ጥግ (ሰኞ ማታ)

ሰላም ያገር ልጆች። ደሴ ነኝ። የሰፈራችን ሴቶች እቁብ በየሁለት ሳምንቱ እሁድ ይሰበሰባል። የፊታችን እሁድ ተራው የኔ ቤት ነው። 14 ነን፤ ስምንቱ ሙስሊም፣ ስድስቱ ክርስቲያን። ሥጋ ከሠራሁ እንደለመድነው ሁለት ድስት መጣድ አለበት። እኔ ግን አንድ ቀን እንኳ ሁላችንም ከአንድ ትሪ እየቆረስን እንድንበላ እፈልጋለሁ። ዓሣ ማን ባረከው ተብሎ አይጠየቅም።

ወንድሜ አዲስ አበባ ይሠራል። ባለፈው ወር አንድ ፓኬት ክራብ ስቲክ አመጣልኝ። ከዓሣ የምትሠራ፣ ላይዋ ቀይ፣ ውስጧ ነጭ፣ እንደ ጣት ሾል ያለች ነገር። ቪዲዮ ላይ ያየሁትን በክሬም የሚጋገር መኮሮኒ ልሞክርባት ብዬ ተነሳሁ። አልሆነልኝም። ከኦቨን ሳወጣው ላዩ ወርቅ መስሏል። ማንኪያ ሳስገባበት ግን ሥሩ ውሃ አቁሯል። ሶሱ እንደተበላሸ ወተት ፍርፍር ብሏል። ቀዩ ቀለም ለቆ ነጩን ሮዝ አድርጎታል። ስቲኳ ደግሞ ጥርስ ላይ እንደ ማስቲካ ትለጠጣለች። መኮሮኒውም ከውሃ ሳወጣው መሃሉ ጥሬ ነበር። ልጆቼ የላዩን ቅርፊት ብቻ ለቅመው ተዉት። ያን ያህል ወተትና ክሬም መደፋቱ አንጀቴን በላው።

ያደረግሁት እንዲህ ነው። መኮሮኒውን ፓኬቱ ላይ እንደተጻፈው 8 ደቂቃ ቀቀልኩ። አንድ ጣሳ ክሬም ከወተት ጋር አፈላሁ። ሎሚ ጨመቅሁበት። ስቲኳን ከነበረዶዋ ቆራርጬ ከተትኩ። ከዚያ 50 ደቂቃ ኦቨን ውስጥ።

አሁን ወንድሜ ሌላ ሦስት ፓኬት ልኮልኛል። እያንዳንዱ 250 ግራም ነው። ክሬም ድጋሚ ልግዛ ብል አቅሜ አይፈቅድም። ወተት ከጎረቤት አገኛለሁ። ፉርኖ ዱቄትና የገበታ ቅቤ ቤት አለ። በዚህ ብቻ ይሆናል? የቱ ጋ ነው የተሳሳትኩት?

ቦርከና ዳር (ሰኞ ማታ)

እህቴ፣ አብሽሪ። ኮምቦልቻ ሆቴል ወጥ ቤት ውስጥ ስሠራ 11 ዓመቴ ነው። የነገርሽን ሁሉ እኔም አንድ በአንድ አይቼዋለሁ። አንቺ ጋ ሁሉም በአንድ ቀን መጣና ነው።

ውሃው የመጣው ከበረዶው ነው። ስቲኳ ከነበረዶዋ ስትገባ ትሪው ውስጥ ትቀልጣለች፣ ያ ሁሉ ውሃ ሶሱ ውስጥ ይቀራል። ቀለሙም ከውሃው ጋር ነው የወረደው። ሶሱ የተበጣጠሰው በሎሚው ነው። ዱቄት የሌለበት ትኩስ ወተት ላይ ሎሚ ከጠብ አለ የምትሠሪው አይብ ነው። ክሬም ስላለው ይተርፋል ማለት አይደለም። ማስቲካ ያደረጋት 50 ደቂቃው ነው።

ክሬም አያስፈልግሽም፤ ይህን ከልቤ ነው የምልሽ። ፓስታ አል ፎርኖ በልተሽ ታውቂያለሽ አይደል? እዚያ ውስጥ ያለው ነጩ ነገር ቤሻሜል ነው። ቅቤ፣ ፉርኖ ዱቄትና ወተት። ሌላ የለውም። ልኩን ነገ ከሥራ ስወጣ በደንብ እጽፍልሻለሁ።

ሰኞ ገበያ (ማክሰኞ ጠዋት)

ልጄ፣ እኔ ይህን ስቲክ የምትሉትን አላውቀውም። ወተት ግን አውቃለሁ። ከጎረቤት የምታመጪውን ወተት ማታ አፍልተሽ ሳትነካኪው አሳድሪው። ጠዋት ላዩ ላይ ወፍራም ስልባቦት ታገኛለሽ። በማንኪያ ሰብስበሽ ለብቻው አስቀምጪው። በየቀኑ እየጨመርሽ እስከ ቅዳሜ አንድ ስኒ ይሞላል። ሶስሽ ሲያልቅ እሱን ጣል አድርጊበት። የጣሳው ክሬም ያው እሱ ነው።

ለላዩም ዳቦ አትግዢ። ያደረ ዳቦ ፀሐይ ላይ አድርቀሽ በእጅሽ ፈርፍሪው። ከትንሽ ቅቤ ጋር አሸት አሸት አድርገሽ በትኚበት። የልጆችሽን ቅርፊት ታገኚዋለሽ።

ምግብ ሳይንስ (ማክሰኞ ቀትር)

የእማማ ምክር ትክክል ነው። እኔ ስለ ስቲኳ ልጨምር፤ ምን እንደሆነች ያወቀ ሰው አያበላሻትም።

ክራብ ስቲክ ይባል እንጂ ሸርጣን አይደለም፤ ዓሣ ነው። ሥሪቱ ሱሪሚ ይባላል። ቃሉ ጃፓንኛ ነው፣ የተፈጨ ሥጋ ማለት ነው። ብዙ ጊዜ የሚሠራው አላስካ ፖሎክ ከሚባል የሰሜን ፓስፊክ ነጭ ዓሣ ነው። ሥጋው ይፈጫል፣ በቀዝቃዛ ውሃ ደጋግሞ ይታጠባል። ስቡ፣ ደሙና ሽታው ይወጣል። የሚቀረው ነጭ፣ ሽታ የሌለው ፕሮቲን ነው። በረዶው እንዳይጎዳው ስኳር ይገባበትና ይቀዘቅዛል። በኋላ ጨው፣ ስታርች፣ የእንቁላል ነጭና የሸርጣን ጣዕም ይጨመርበታል። በስሱ ተዘርግቶ በሙቀት ይረጋል፣ ይጠቀለላል፣ ላዩ ቀይ ይቀባል። በስቲክ መልክ መሸጥ የጀመረው ጃፓን ውስጥ ነው፣ በፈረንጆቹ 1970ዎቹ።

ዋናው ነገር እዚህ ጋ ነው። ስቲኳ አንዴ በስላለች። ካንቺ የምትፈልገው መሞቅ ብቻ ነው። ረግቶ የነበረውን ፕሮቲን ደጋግመሽ ስታበስይው የያዘውን ውሃ ይተፋል፣ ራሱ ደግሞ ይጠነክራል። ስለዚህ መጨረሻ ላይ ትግባ፣ ቶሎም ትውጣ።

ጨዋም ናት። 100 ግራሟ ውስጥ ከ500 ሚሊግራም በላይ ሶዲየም አለ። ሶሱ ላይ ጨው ከማድረግሽ በፊት ቅመሺ።

የመኮሮኒው ጉዳይ ደግሞ ያንቺ ጥፋት አይደለም። ደሴ ከባሕር ጠለል በላይ 2,500 ሜትር አካባቢ ናት። እዚህ ውሃ የሚፈላው 92 ዲግሪ ገደማ ላይ ነው። ፓኬቱ ላይ ያለው 8 ደቂቃ ውሃ በ100 ዲግሪ ለሚፈላበት አገር የተጻፈ ነው። ኮምቦልቻ እንኳ 94 ገደማ ነው። ሰዓት አትዪ። አንዱን አውጥተሽ በቢላ ቁረጪው። መሃሉ ላይ ነጭ ነጥብ ካለ ገና ነው። ነጥቧ ልትጠፋ ጭላንጭል ስትቀር አውጪው፤ የቀረውን ኦቨን ውስጥ ከሶሱ እየጠጣ ይጨርሳል።

አንድ ጥያቄ አለኝ። የመጀመሪያው ፓኬት ከአዲስ አበባ እንዴት ነው የመጣው?

የጦሳ ጥግ (ማክሰኞ ማታ)

ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። እማማ፣ ወተቱን ዛሬ ማታ አፍልቼ አስቀምጫለሁ።

የመጀመሪያው በአውቶቡስ ነው የመጣው፣ በፌስታል። ሲደርስ ለስልሶ ነበር። እኔም መልሼ ፍሪዘር ከተትኩት። ስከፍተው ውስጡ በረዶ ተጋግሮ ነበር። የአሁኖቹን ግን ወንድሜ በፎም ሳጥን አሽጎ፣ ዙሪያውን በረዶ የሆነ ሃይላንድ ደርድሮ ነው የላከልኝ። ሲደርሱ እንደ ድንጋይ ነበሩ።

ምግብ ሳይንስ (ማክሰኞ ማታ)

ወንድምሽ ጎበዝ ነው። እንደ ድንጋይ ከደረሱ ችግር የለም። ያ የመጀመሪያው ግን መደፋቱ ጥሩ ሆነ እላለሁ። 400 ኪሎ ሜትር መንገድ ላይ ቀልጦ መልሶ የቀዘቀዘ ዓሣ ጣዕሙም አይመለስም፣ ለጤናም አያስተማምንም። ፓኬት ውስጥ የተጋገረ በረዶ ካያችሁ ይህን ጠርጥሩ።

ቅዳሜ ማታ ሦስቱንም ከፍሪዘር ወደ ፍሪጅ አውርጃቸው። ሲነጋ ለስልሰው ይጠብቁሻል። ውጭ ጠረጴዛ ላይ አታቅልጪ። የቀለጠው መልሶ አይቀዘቅዝም፤ የተረፈ ካለም ፍሪጅ ውስጥ አኑሪው፣ በሁለት ቀን ጨርሺው።

ሸዋ በር (ማክሰኞ ማታ)

አሰላሙ አለይኩም፣ ለሌሎቻችሁም ሰላም። እኔ ቤይሩት 6 ዓመት ሰው ቤት ስሠራ ቆይቼ ነው የመጣሁት። ክራብ ስቲክ እዚያ ሰላጣ ውስጥ ስጨምረው ነው የከረምኩት። እና አንድ ነገር ልንገርሽ እህቴ፣ ስለምግቡ ሳይሆን ስለፓኬቱ።

ገልብጠሽ ጀርባውን አንብቢ። አንዳንዱ ውስጥ ሚሪን የሚባል የሩዝ ወይን አለ። አንዳንዱ ላይ ወይን ብሎ በግልጽ ይጻፋል። ይህ ካለ ለኛ አይሆንም። ሐላል የሚል ምልክት ያለውን ፈልጊ። ሌላው ደግሞ አንዳንዱ ለጣዕም ብሎ የእውነት ሸርጣን ጭማቂ ይጨምራል። ሸርጣን ላይ ዑለማዎች ልዩነት አላቸው። ዓሣ ላይ ግን ሁሉም አንድ ናቸው። የሚመጣው ሰው ልቡ ንጹሕ ሆኖ እንዲበላ ሸርጣን የሌለበትን ምረጪ።

እመቤቴ የነበረችው ሴት እንግዳ ሲመጣ የሠራሁትን ሎብስተር ነው እያለች ታቀርብ ነበር። ያ ነገር አሁን ድረስ ልቤ ውስጥ አለ። ሰው የሚበላውን ማወቅ አለበት።

ቧንቧ ውሃ (ረቡዕ ጠዋት)

እህታችን ሸዋ በር፣ ጥሩ አነሳሽው። በኛም በኩል ያው ነው። እኛ ክንፍና ቅርፊት የሌለውን የውሃ እንስሳ አንበላም። ሸርጣን አይነካም። ዓሣ ከሆነ ግን ደስ ብሎን ነው። ስሙን ሰምታ የምትሸሽ ብዙ አለችና ስታቀርቢው «ዓሣ ነው» ብለሽ ጀምሪ።

እሁድ መሆኑም በጀ። ወተት፣ ቅቤና እንቁላል ስላለው ረቡዕና ዓርብ ለኛ አይሆንም።

ሐሳብሽ ግን ልቤን ነካው። ወሎ ውስጥ ለሠርግ፣ ለለቅሶ ሁልጊዜ ሁለት ድስት ነው። በፍቅር ነው፣ ማንም አይከፋውም። ቢሆንም አንድ ትሪ መሃል ተቀምጦ የሁሉም እጅ ሲዘረጋበት ማየት ሌላ ነው።

የጦሳ ጥግ (ረቡዕ ቀትር)

አሁን ሦስቱንም ፓኬት ገልብጬ አነበብኩ። በእንግሊዝኛና በዓረብኛ ነው የተጻፈው። ሐላል ምልክት አለው። ዓሣ፣ ስታርች፣ ስኳር፣ የእንቁላል ነጭ፣ ስንዴ ይላል። ወይን የለውም። የሸርጣን ጭማቂም የለውም፤ «ጣዕም» ብቻ ነው የሚለው። ከሥር በትንሹ ደግሞ ሸርጣንና ሽሪምፕ በሚሠራበት ፋብሪካ የተሠራ ነው ይላል። ይሄ የመጨረሻው ምን ማለት ነው?

ምግብ ሳይንስ (ረቡዕ ቀትር)

ማስጠንቀቂያ ነው። በአለርጂ ለሚጠቃ ሰው የተጻፈ። በማሽኑ በኩል ትንሽ ቅሪት ሊነካው ይችላል ለማለት ነው። ሽሪምፕ በልታ ከንፈሯ ያበጠ፣ ቆዳዋ ያሳከካት፣ ትንፋሽ ያጠራት ሴት ካለች አትብላ። ለዓሣ፣ ለእንቁላልና ለስንዴም እንደዚሁ። እሁድ ከመቅረቡ በፊት ጮክ ብለሽ ተናገሪ።

የሐይቅ ዓሣ (ረቡዕ ማታ)

ይቅርታ፣ እኔ ግን አንድ ነገር አልገባኝም። ሐይቅ ከደሴ 30 ኪሎ ሜትር ቢሆን ነው። ቆሮሶ ዓሣ ጠዋት ወጥቶ ደሴ ለምሳ ይደርሳል። ከሰሜን ፓስፊክ የመጣ፣ ስታርች የገባበት፣ ቀለም የተቀባ ነገር ለምን ይፈለጋል? በዓሣ የምንተዳደር ሰዎች ነን። ዓሣ አጥማጁ ጎረቤታችን እያለ።

ምግብ ሳይንስ (ረቡዕ ማታ)

በምግብነት ካየነው ልክ ነህ። 100 ግራም ክራብ ስቲክ ውስጥ ያለው ፕሮቲን ከ7 እስከ 8 ግራም ነው፣ 15 ግራም ያህሉ ስታርችና ስኳር ነው። 100 ግራም የቆሮሶ ሥጋ ላይ ፕሮቲኑ 20 ግራም ይደርሳል። አይወዳደሩም።

የጦሳ ጥግ (ረቡዕ ማታ)

ወንድሜ የሐይቅ ዓሣ፣ አልተቀየምኩህም። እውነት ነው የተናገርከው። ወንድሜ ከደሞዙ ቆጥቦ፣ ሳጥን ፈልጎ፣ በረዶ ደርድሮ የላከልኝ ስለሆነ ነው። እሱን ጥዬ ሌላ ልሥራ ማለት አልቻልኩም። በዚያ ላይ ብዙዎቹ ሴቶች እሾህ ይፈራሉ። ለሚቀጥለው ተራዬ ግን ካንተ ነው የምገዛው። ፊሌቶ አድርጋችሁ ትሸጣላችሁ?

የሐይቅ ዓሣ (ረቡዕ ማታ)

እናደርጋለን። እሾህ አንድም አይቀርበትም፣ በእጄ ዳስሼ ነው የምሰጥሽ። የወንድምሽን ነገር አላወቅሁም ነበር እህቴ። በሉት፣ ይጣፍጣችሁ።

ቦርከና ዳር (ሐሙስ ማታ)

ማክሰኞ እጽፋለሁ ብዬ ቀረሁ፣ የሠርግ ሥራ ይዞኝ ነው። አሁን በደንብ ልንገርሽ።

ለ14 ሰው አንድ ኪሎ መኮሮኒ አይጠበቅብሽም። ሌላም ነገር ስለሚቀርብ 750 ግራም ይበቃል፣ ማለትም የ500 ግራሙ አንድ ፓኬት ተኩል። ወተት ሁለት ሊትር ተኩል። ለአንድ ሊትር ወተት 5 የሾርባ ማንኪያ ፉርኖ ዱቄትና 5 የሾርባ ማንኪያ የገበታ ቅቤ ያዢ። ማንኪያው ትከሻው የተስተካከለ ይሁን፣ የተቆለለ አይደለም። ሁለት ትሪ ይወጣልሻል።

መጀመሪያ አንድ ትልቅ ቀይ ሽንኩርትና ሁለት ባሮ ሽንኩርት በስሱ ከትፈሽ በትንሽ ዘይት አቁላዪ። አይጠቁር፤ መስታወት እስኪመስል ብቻ። ካሮት ካለሽ በጥቃቅን ከትፈሽ እዚያው ላይ አብስዪው። ይህ ሥራ ዋጋው ትንሽ ነው፣ ጣዕሙ ግን ትሪውን ሁሉ ይሸከመዋል። ስቲኳ ብቻዋን ጣፋጭና ለስላሳ ናት፣ የሚደግፋት ትፈልጋለች።

አሁን ሶሱ። እዚህ ላይ አትቸኩዪ። ከባድ ድስት ውሰጂ፣ ሥሩ የሳሳ ይይዝብሻል። ቅቤውን በዝግታ አቅልጪ። ዱቄቱን አንዴ አፍስሺና በእንጨት ማንኪያ አማስዪው። መጀመሪያ የጥሬ ዱቄት ሽታ ይሸትሻል። ሁለት ሦስት ደቂቃ ካማሰልሽ በኋላ ሽታው ይለወጣል፣ ብስኩት ብስኩት ይላል። አረፋ አረፋ እያለ ድስቱን መልቀቅ ይጀምራል። ቀለሙ ግን ነጭ እንደሆነ ነው። እዚያ ጋ ስትደርሺ ድስቱን ከእሳት አውርጂው። አፍልተሽ ለብ ያደረግሽውን ወተት አንድ ጭልፋ ጨምሪ። ወዲያው እንደ ሊጥ ይቋጠራል፣ አትደንግጪ። ምቺው። ሲለሰልስ ሌላ ጭልፋ። ሦስት አራት ጭልፋ እንዲህ ካለፈ የቀረውን ማፍሰስ ትችያለሽ። መልሰሽ ጣጂና እጅሽን ሳታነሺ አማስዪ፣ በተለይ የድስቱን ጥግ። ሲንተከተክ አምስት ደቂቃ ተዪው። መድረሱን በዚህ እወቂው፦ የማንኪያውን ጀርባ ሶስ አልብሺና ጣትሽን በመሃሉ አስኪጂበት። መስመሩ ሳይገጥም ከቆየ ደርሷል። ከወፈረብሽ ወተት ጨምሪ፤ ኦቨን ውስጥ መኮሮኒው ስለሚጠጣው ቀጠን ማለቱ ይሻላል።

ቁንዶ በርበሬ፣ አንድ ፍሬ ነጭ ሽንኩርት፣ ገውዝ ካገኘሽ ጫፏን ብቻ ፋቂበት። የእማማን ስልባቦት አሁን አግቢ። ጨው መጨረሻ ላይ። ሎሚ በፍጹም ድስት ውስጥ አይገባም፤ ሰሃን ላይ ለፈለገ ሰው ቆርጠሽ አቅርቢ።

ስቲኳን እንዲህ አድርጊ። ፍሪጅ ውስጥ ካደረች በኋላ ውሃዋን አፍስሺ። በንጹሕ ፎጣ ጠቅልለሽ ጫን አድርጊ፤ ፎጣው ሮዝ ይሆናል። ያ ነው ሶስሽን ያበላሸው ውሃ። ከዚያ ግማሹን በቁመት ተርትሪው፣ እንደ ዶሮ ፈረሰኛ ክር ክር ይላል። ግማሹን በአውራ ጣት ልክ ቁረጪ። ክሩ ከሶሱ ጋር ይዋሃዳል፣ ቁራጩ ደግሞ አፍ ላይ ይገኛል። ሁሉንም ክር ካደረግሽው ትሪው ውስጥ ይጠፋብሻል፤ ያ ሁሉ ወጪ ወጥቶ ዓሣው የታለ ያሰኛል።

ሶስ፣ ሽንኩርትና መኮሮኒ ቀላቅዪ። ስቲኳን መጨረሻ ላይ በቀስታ። ትሪውን ቅቤ ቀብተሽ አፍሺው። የዳቦ ፍርፋሪውን በትኚ። የሚቀልጥ ቺዝ ከተገኘ 200 ግራም ለሁለት ትሪ ይበቃል። አይብ ላዩ ላይ አታድርጊ፣ አይብ አይቀልጥም፣ ይደርቃል። 190 ዲግሪ ላይ ሁሉም ነገር ትኩስ ሆኖ ከገባ 20 ደቂቃ ይበቃዋል። ጥጉ ሲንተከተክና ላዩ ሲቀላ አውጪ። 10 ደቂቃ ሳይነካ ይቀመጥ። በትኩሱ ከቆረስሽው ይፈስሳል፣ ካረፈ ቅርጹን ይዞ ይወጣል።

ሐረጎ (ዓርብ ጠዋት)

መብራት ቢሄድስ? እኔ ኮምቦልቻ ተከራይቼ የምማር ተማሪ ነኝ፣ ኦቨን የለኝም። በብረት ድስት ነው የምጋግረው። ሥሩ ላይ ትንንሽ ጠጠር አነጥፋለሁ። ትሪውን ጠጠሩ ላይ አስቀምጬ እከድነዋለሁ። ከታች ጥቂት ፍም፣ ክዳኑ ላይ ደግሞ በዛ ያለ ፍም። እንደ ድፎ ዳቦ። ላዩ እንዲቀላ ከተፈለገ ዋናው እሳት ከላይ ነው መሆን ያለበት። እስከ 35 ደቂቃ ይፈጃል። በቱና ነው የሞከርኩት፣ ቆንጆ ይወጣል።

ሰኞ ገበያ (ዓርብ ጠዋት)

ልጄ፣ ከሰሉን ደጅ ላይ አድርገው። የደሴ ብርድ በር ያስዘጋል። ከሰል በተዘጋ ቤት ሰው ይገድላል፤ የሚገድለው ጋዝ ሽታ ስለሌለው አይታወቅም። ቤት ተከራይታችሁ የምትኖሩ ልጆች ይህን አደራ።

የጦሳ ጥግ (እሁድ ማታ)

አሁን ነው የተቀመጥኩት። ዕቃው ገና አልታጠበም። ግን ሳልነግራችሁ አላድርም።

ጠዋት 3 ሰዓት ላይ ፎጣውን ስፈታው እውነትም ሮዝ ሆኗል። ሁለት ጊዜ ቀየርኩት። መኮሮኒው ነጥቡ እስኪጠፋ 13 ደቂቃ ፈጀ። ሶሱን ስጀምር እጄ ይንቀጠቀጥ ነበር። ያ የብስኩት ሽታ ሲመጣ ግን ወዲያው አወቅሁት። የመጀመሪያው ጭልፋ ሲቋጠር «አትደንግጪ» ያልከኝ ትዝ አለኝ ቦርከና ዳር። መታሁት፣ ተፈታ። ስልባቦቱ ከአንድ ስኒ ትንሽ ጎደለ። ሲገባበት ግን ሶሱ አብረቀረቀ።

የመጀመሪያው ትሪ ኦቨን ገባ። 20 ደቂቃ፣ ልክ እንደተባለው። ሁለተኛውን ላስገባ ስል መብራት ሄደ። 5 ሰዓት ተኩል ነው፣ እንግዶቹ 6 ሰዓት ይመጣሉ። ጎረቤቴ ብረት ድስቷን አቀበለችኝ። ደጅ ላይ ከሰል አቀጣጠልን፣ ጠጠር አነጠፍን፣ ፍሙን ክዳኑ ላይ ከመርን። ሐረጎ፣ እግዜር ይስጥህ። ጭሱ ትንሽ ገብቶበታል፣ ግን ደስ የሚል ጭስ ነው። እንዲያውም ያንን ትሪ ነው አስቀድመው የጨረሱት።

ሳይበላ በፊት ተነስቼ ተናገርኩ። ስሙ ክራብ ስቲክ ነው፣ ግን ዓሣ ነው፣ ሸርጣን የለበትም፣ ፓኬቱም ይኸው ብዬ አዞርኩት። ሽሪምፕ ወይም ዓሣ የማይስማማት ካለች እንዳትበላ አልኩ። አንዷ እጇን አነሳች። ዓረብ አገር ሳለች ሽሪምፕ በልታ ከንፈሯ አብጦ ሐኪም ቤት ሄዳ ነበር። ለሷ ከመጀመሪያው ስቲክ ሳይገባበት በአንዲት ሳህን ለብቻ አድርጌ ጋግሬ ነበር፤ ምናልባት ብዬ። እሱን በላች።

የቀረነው 13ታችን ከአንድ ትሪ በላን። ሳህን አላቀረብኩም፣ ሹካ ብቻ። በዕድሜ ትልቋ እናታችን መጀመሪያ ትንሽ ቀመሰች። ዝም አለች። ከዚያ ትሪውን ወደሷ አስጠጋችው። ከጎኗ ያለችው፣ በለቅሶም በሠርግም ሁልጊዜ በሌላኛው ድስት በኩል የምትቀመጥ ሴት ናት። ትልቋ እናታችን ቅርፊት ያለበትን ጥግ ቆርሳ አጎረሰቻት። እኔ ወጥ ቤት ገባሁና ትንሽ አለቀስኩ።

ሸዋ በር፣ አራት ሴቶች የፓኬቱን ጀርባ አንብቢልን አሉኝ። ያስተማርሽኝን ነገርኳቸው። ለወንድሜ ፎቶ ላክሁለት፤ ትሪው ባዶ ስለነበር ባዶውን ነው ያየው።

አንድ ጥያቄ ብቻ ቀርቶኛል። ሶሱ መጀመሪያ ላይ ጥሩ ነበር፣ ሁለተኛው ትሪ ሲያልቅ ግን ወፍሮ ነበር። ለምን ይሆን?

ቦርከና ዳር (እሁድ ማታ)

ማሻአላህ እህቴ። ለምን መሰለሽ፣ ሁለተኛው ትሪ ከሰሉ እስኪቀጣጠል ሲጠብቅ መኮሮኒው ሶሱን እየጠጣ ነበር። ሁለት ትሪ በተለያየ ሰዓት የምትጋግሪ ከሆነ የሁለተኛውን መኮሮኒና ሶስ ለየብቻ አቆዪ፤ ልታስገቢ ስትይ ቀላቅዪ። ወይም ግማሽ ኩባያ ትኩስ ወተት ጨምረሽ አላሉት። በቆሮሶ ስትሠሪው ደግሞ ፊሌቶው ጥሬ ስለሆነ ነገሩ ሌላ ነው። በትንሽ ወተት ለአምስት ደቂቃ ቀቅለሽ፣ በሹካ ሰነጣጥቀሽ አግቢው። የቀቀልሽበትን ወተት እንዳትደፊ፣ ሶሱን በሱ ጀምሪ።

የሐይቅ ዓሣ (እሁድ ማታ)

ለ14 ሰው ሁለት ኪሎ ፊሌቶ ይበቃል። ቀኑን ሁለት ቀን ቀድመሽ እዚሁ ጻፊልኝ። ጠዋት ከጀልባ ላይ ተቀብዬ፣ አጽድቼ፣ በበረዶ አድርጌ በመጀመሪያው ሚኒባስ እልክልሻለሁ። ወንድምሽ የሠራበትን ሳጥን እንዳትጥዪው፣ ለሱ ይሆናል።